የኢዮብ ጥያቄ በሊሙ ልጅ አንደበት
የክፋትና የመከራ ችግር በመጽሐፍ ቅዱስ አስተሳሰብና በጊቤ አገር ታሪክ

በጅማ ከተማ በጊንጆ ጉዱሩም ሆነ በሌላው ሰፈር፥ ሐዘን የደረሰበትን ቤት የጎበኘ ሰው ሊሰናበት ሲነሣ የሚናገረው ቃል የታወቀ ነው፤ «የኢዮብን ትዕግሥት ይስጣችሁ» ይላል። ኢዮብ በመጽሐፍ ቅዱስ፥ አዩብ በቅዱስ ቁርኣን፥ መከራን ችሎ የተቀበለ ሰው ምሳሌ ነውና፥ ቃሉ ክርስቲያኑንም ሙስሊሙንም ያግባባል። ነገር ግን መጽሐፈ ኢዮብን ከዳር እስከ ዳር ያነበበ ሰው አንድ ያልጠበቀው ነገር ያገኛል። ከ42ቱ ምዕራፎች ትዕግሥተኛው ኢዮብ ጎልቶ የሚታየው በመጀመሪያዎቹ ሁለት ምዕራፎች ነው። ከ3ኛው ምዕራፍ ጀምሮ የሚናገረው ሰው የተወለደበትን ቀን የሚረግም፥ ሊያጽናኑት ከመጡት ወዳጆቹ ጋር የሚከራከር፥ ከፈጣሪው ጋር ፊት ለፊት ቆሞ ለመሟገት የሚጠይቅ ሰው ነው። የአገር አባባል ሁለቱን ምዕራፎች ይዞ የቀሩትን ትቷል ቢባል ከእውነት አይርቅም።

የዚህ ሐተታ ዓላማ የተተዉትን ምዕራፎች መመልከት ነው። ክፋት ከየት መጣ? ጻድቅ ስለ ምን ይሠቃያል? ግፈኛስ ስለ ምን ይለመልማል? እነዚህ ጥያቄዎች በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ እንዴት እንደ ተነሡ ከተመረመረ በኋላ፥ በጊቤ አገር ታሪክ ሥጋ ለብሰው የታዩበት አንድ ታሪክ ይቀርባል። ይኸውም በ19ኛው መቶ ዘመን በልጅነታቸው ለባርነት የተሸጡ ሰዎች አድገው መጽሐፍ ቅዱስን፥ ከነመጽሐፈ ኢዮብ፥ ወደ ኦሮምኛ የመለሱበት ታሪክ ነው። ከእነርሱም አንዷ ዛሬ በቡናው ስሙ ከሚጠራው ከሊሙ የተወሰደች ልጅ ነበረች። (በሐተታው የሚጠቀሱት ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።)

የፈላስፋው ጥያቄና የባለጉዳዩ አቤቱታ

ችግሩ በፈላስፎች ዘንድ የሚቀርበው በሦስት ዓረፍተ ነገሮች ነው። እግዚአብሔር ቸር ነው፤ እግዚአብሔር ሁሉን ቻይ ነው፤ ክፋትም በዓለም አለ። ሦስቱን በአንድነት ማጽናት እንዴት ይቻላል? ጀርመናዊው ላይብኒትስ በ1710 ባሳተመው መጽሐፍ ይህ ዓለም ሊኖሩ ይችሉ ከነበሩት ዓለማት ሁሉ የሚሻለው ነው ብሎ ተከራከረ። በ1755 ኅዳር ወር መግቢያ ሊዝበን የተባለችው የፖርቱጋል ከተማ በምድር መናወጥ ፈረሰች፤ ሕዝቡ የቅዱሳንን በዓል ለማክበር በየቤተ ክርስቲያኑ በተሰበሰበበት ሰዓት ብዙ ሺህ ሰው አለቀ። ከዚያ በኋላ ቮልቴር የላይብኒትስን ሐሳብ ክፉኛ ነቀፈ። ካንትም በ1791 ባወጣው ድርሰት፥ ለእግዚአብሔር ጠበቃ ለመሆን የተሞከሩት ፍልስፍናዎች ሁሉ እንዳልተሳካላቸው ገልጾ፥ ከሁሉ ይልቅ የኢዮብን ቅንነት አመሰገነ፤ ኢዮብ የማያምነውን ነገር እግዚአብሔርን ለማስደሰት ሲል አልተናገረምና።

የመጽሐፍ ቅዱስ ጸሐፍት ግን ነገሩን በዚህ አኳኋን አላቀረቡትም። በእነርሱ ዘንድ ጥያቄው የአንድ ተበዳይ አቤቱታ ነው። የአማርኛው ቋንቋ ይህን ለማስረዳት የተመቸ ነው፤ «አቤቱ» የሚለው የመዝሙረ ዳዊት ጥሪና «አቤቱታ» የሚለው የሸንጎ ቃል ዘመዳሞች ናቸው። አቤት የሚል ሰው በዳኛው መኖር አይጠራጠርም፤ ዳኛው እንደሚሰማም ያምናል። የሚያስጨንቀው ዳኛው ዝም ማለቱ ነው። ስለዚህ በመጽሐፍ ቅዱስ የክፋት ጥያቄ የሚነሣው ከክህደት ሳይሆን ከእምነት ነው፤ በፍትሕ ያላመነ ሰው ፍርድ ተጓደለ ብሎ አይጮኽምና።

የመጽሐፍ ቅዱስ ልዩ ልዩ ድምፆች

መጽሐፍ ቅዱስ ለዚህ ጥያቄ አንድ መልስ ብቻ ይሰጣል የሚል ሰው ተሳስቷል። በውስጡ ቢያንስ አምስት ድምፆች ይሰማሉ።

የመጀመሪያው የፍዳ ትምህርት ነው። ኦሪት ዘዳግም በ28ኛው ምዕራፉ ትእዛዝን ለጠበቀ በረከትን፥ ላፈረሰ ደግሞ ረኃብን፥ ቸነፈርንና ምርኮን ያስታውቃል። መጻሕፍተ ነገሥትም የእስራኤልን ታሪክ በዚሁ ሚዛን ይመዝናሉ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ586 ዓመት ገደማ ባቢሎናውያን ኢየሩሳሌምን ሲያፈርሱ፥ የተሸነፈው ሕዝብ አምላካችን ተሸነፈ እንዳይል ያደረገው ይህ ትምህርት ነበር፤ ጥፋቱ የእኛ ነው ማለት ንስሐና ተስፋ እንዲኖር በር ከፍቷልና። ሆኖም ትምህርቱ በተገላቢጦሽ ሲነበብ አደገኛ ይሆናል። የበደለ ይቀጣል ማለት አንድ ነገር ነው፤ መከራ ያገኘው ሁሉ በድሏል ማለት ግን ሌላ ነው።

ሁለተኛው ድምፅ ይህን የሚቃወም ነው። ነቢዩ ኤርምያስ የኃጥአን መንገድ ስለ ምን እንደሚቃና እግዚአብሔርን በግልጥ ይጠይቃል። ዕንባቆም ግፍ እየታየ ፍርድ መዘግየቱን ይከስሳል። በግዕዙ ቍጥር 72ኛው በሆነው መዝሙር ዘማሪው የግፈኞችን ሰላም አይቶ እግሩ ሊሰናከል ጥቂት እንደ ቀረው ይናዘዛል። ሕዝቅኤልም አባቶች በበሉት ጎምዛዛ ፍሬ የልጆች ጥርስ ጠረሰ የሚለውን ተረት ያወግዛል፤ ልጅ በአባቱ ኃጢአት እንዳይጠየቅ ይደነግጋል።

ሦስተኛው የዮሴፍ ታሪክ ድምፅ ነው። ወንድሞቹ በ20 ብር የሸጡት ልጅ በግብፅ ተሹሞ እነርሱን ራሳቸውን ከረኃብ ያድናል፤ በመጨረሻም እነርሱ ያሰቡበትን ክፋት እግዚአብሔር ወደ በጎ እንደ ለወጠው ይነግራቸዋል። አራተኛው በትንቢተ ኢሳይያስ 53ኛው ምዕራፍ የሚገኘው የመከራው አገልጋይ ድምፅ ነው፤ በዚህ የሚሠቃየው ሰው ስለ ራሱ በደል ሳይሆን ስለ ሌሎች ነው፤ አላፊ አግዳሚው ግን በእግዚአብሔር እንደ ተመታ ቈጥሮ ፊቱን ያዞርበታል።

አምስተኛውና ከሁሉ የጠለቀው የኢዮብ ድምፅ ነው። ሦስቱ ወዳጆቹ ኤልፋዝ፥ በልዳዶስና ሶፋር የፍዳን ትምህርት ይዘው ይቀርባሉ፤ ኋላም ወጣቱ ኤሊሁ ይጨመራል። የሚናገሩት ነገር ለየብቻው ሲታይ ሐሰት አይደለም፤ ከመዝሙርና ከምሳሌ የተወሰደ ይመስላል። ስሕተታቸው እውነተኛውን ቃል ላልተገባው ሰው መናገራቸው ነው። ኢዮብ የሞቱትን ልጆቹን ቀብሮ በዐመድ ላይ ተቀምጦ ሳለ፥ ልጆቹ በድለው ይሆናል ብለው ሊያጽናኑት ይሞክራሉ። በመጨረሻ እግዚአብሔር ከዐውሎ ነፋስ ውስጥ ሲናገር የመከራውን ምክንያት አይገልጽም፤ ምድርን ስመሠርት የት ነበርህ በሚል አኳኋን ጥያቄ በጥያቄ ላይ ይደራርባል። ፍርዱ ግን ግልጥ ነው። ለእግዚአብሔር ጠበቃ የቆሙት ወዳጆች ተወቀሱ፤ የተከራከረው ኢዮብ ቅን ነገር ተናግሯል ተባለ።

በወንጌልም ይኸው መንገድ ይቀጥላል። በሰሊሆም ግንብ ወድቆባቸው የሞቱት 18 ሰዎች ከሌላው ይልቅ ኃጢአተኞች እንዳልነበሩ ክርስቶስ ይናገራል። ዕውር ሆኖ የተወለደውን ሰው አይተው ማን በደለ ብለው ደቀ መዛሙርቱ ሲጠይቁም፥ እርሱም ወላጆቹም በዚህ ምክንያት እንዳልሆነ መልሶ ወደ ሥራው ያልፋል፤ ዓይኑንም ያበራለታል።

የግዕዝ መጻሕፍት ድርሻ

በዚህ ነገር የኢትዮጵያ ሊቃውንት ለዓለም ያቈዩት ቅርስ ከፍ ያለ ነው። ስለ ክፋት ምንጭ በስፋት የሚናገሩት ሁለት ጥንታውያን መጻሕፍት፥ መጽሐፈ ሔኖክና መጽሐፈ ኩፋሌ፥ ሙሉ ሆነው የተገኙት በግዕዝ ብቻ ነው። የስኮትላንዱ ተጓዥ ጄምስ ብሩስ በ1773 የሔኖክን ቅጂዎች ይዞ ወደ አውሮፓ ተመለሰ፤ ሪቻርድ ሎረንስም በ1821 ወደ እንግሊዝኛ መልሶ አሳተመው። ከ1947 ጀምሮ በሙት ባሕር አጠገብ በቁምራን ዋሻዎች በተገኙት ጽሑፎች መካከል የሔኖክ የአራማይክ ቍርጥራጮች፥ የኩፋሌም የዕብራይስጥ ቍርጥራጮች ሲወጡ፥ በግዕዝ ተጠብቆ የኖረው መጽሐፍ ጥንታዊነት በማያጠራጥር ሁኔታ ተረጋገጠ።

መጽሐፈ ሔኖክ በመጀመሪያ ክፍሉ ክፋት ወደ ምድር የገባው በወደቁት ትጉሃን መላእክት ምክንያት እንደ ሆነ ይተርካል፤ ሁለት መቶ ሆነው በአርሞንዔም ተራራ ላይ ወርደው ለሰው ልጆች የጦር መሣሪያ መሥራትን አስተማሩ ይላል። ኩፋሌ ደግሞ የክፉዎቹን መናፍስት አለቃ መስቴማን ያቀርባል፤ አብርሃም ልጁን እንዲሠዋ የተፈተነውም በመስቴማ ጠያቂነት እንደ ሆነ ያስረዳል፤ ይህም የኢዮብን መጽሐፍ መግቢያ ያስታውሳል።

ይሁን እንጂ መጽሐፈ ሔኖክ ጥፋቱን ሁሉ በመላእክት ላይ ጭኖ አይቀርም። በ98ኛው ምዕራፍ ሌላ ሐሳብ ይገኛል። በግዕዙ ንባብ መሠረት፥ ተራራ ባሪያ፥ ኮረብታም የሴት አገልጋይ እንደማይሆኑ ሁሉ፥ ኃጢአትም ወደ ምድር የተላከ አይደለም፤ ሰው ራሱ ፈጠረው እንጂ። ይህ ስለ ተራራና ስለ ባሪያ የተነገረ ምሳሌ ለአንባቢ እንግዳ ሆኖ ኖሮ ነበር። በ1937 የታተመው የግሪክኛ ፓፒሩስ ግን ትርጕሙን ግልጥ የሚያደርግ ንባብ ይዞ ተገኘ፤ ባርነት ከላይ የተሰጠ ሥርዓት አይደለም፥ በግፍ ምክንያት የመጣ ነው ይላል። እንግዲህ በጥንታዊው ጸሐፊ ዘንድ ክፋት ከሰው እጅ መውጣቱን ለማስረዳት የተመረጠው ምሳሌ ባርነት ነበር።

የሂርማታ መንገድ

ሊሙ እናርያ፥ ጅማ፥ ጎማ፥ ጉማና ጌራ የተባሉት አምስቱ የጊቤ መንግሥታት በ19ኛው መቶ ዘመን በንግድ በልጽገው ነበር። ከ1825 እስከ 1861 በገዙት በአባ ባጊቦ ዘመን የሊሙ እናርያ ከተማ ሳቃ የሲራራ ነጋዴዎች መናኸሪያ ነበረች። ኋላ የበላይነቱን የያዘችው ጅማ ነበረች፤ ከ1878 እስከ 1932 በገዙት በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን የሐሙስ ገበያዋ ሂርማታ በደቡብ ምዕራብ ከሚገኙት ገበያዎች ሁሉ የታወቀች ሆነች። የዝሆን ጥርስ፥ ዝባድ፥ ኮረሪማና ቡና ከከፋና ከአካባቢው ይመጣ ነበር። በዚሁ መንገድ፥ በዚሁ ገበያ፥ በማርትሬዛ ብር ሰውም ይሸጥ ነበር። ባሪያ ፈንጋዮች ከሁሉ ይልቅ የሚፈልጉት ልጆችንና ወጣት ሴቶችን ነበር። ከዚያም ጊቤን አሻግረው፥ በጎጃም ወይም በሸዋ በኩል፥ ወደ መተማ፥ ወደ ታጁራ፥ ወደ ምፅዋ ይነዷቸው ነበር።

በዚህ ንግድ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም እጁ ነበረበት፤ ሁሉም ምክንያት ነበረው። ፍትሐ ነገሥት ነፃነት ለሰው ሁሉ በተፈጥሮ የተሰጠ መሆኑን ቢያስታውቅም፥ ጦርነት ምርኮኛን ባሪያ እንደሚያደርግ ፈቅዶ ነበር። ኖኅ የረገመው ከነዓንን ሆኖ ሳለ፥ በብዙ አገሮች ያሉ ባለባሪያዎች እርግማኑን ወደ ካም ልጆች ሁሉ አዛውረው ራሳቸውን ያጸድቁበት ነበር። ይህ የኢዮብ ወዳጆች ትምህርት ነው፤ የተሠቃየው ሰው የሚሠቃይበት ምክንያት በራሱ ወይም በአባቱ ዘንድ እንዲገኝ ግድ ይላል፤ አሠቃዩን ግን አይጠይቅም። በአንጻሩ ኦሪት ዘጸአት በ21ኛው ምዕራፍ ሰውን ሰርቆ የሸጠ በሞት እንዲቀጣ ይደነግጋል፤ ኦሪት ዘዳግምም ከጌታው ያመለጠውን ባሪያ አሳልፎ መስጠትን ይከለክላል። እነዚህ ሕጎች በመጽሐፉ ውስጥ ነበሩ፤ በገበያው ውስጥ ግን የሚያስታውሳቸው አልነበረም።

ሂካና አስቴር

በ1856 ገደማ በኢሉባቦር፥ ሁሩሙ አጠገብ አንድ ልጅ ተወለደ፤ ስሙም ሂካ ተባለ። በልጅነቱ ከእናቱ ነጥቀው ወሰዱት፤ ከእጅ ወደ እጅ እየተሸጠ ምፅዋ ደረሰ። በ1870 በዚያ የፈረንሳይ ምክትል ቆንስል የነበረው ስዊሳዊው ቨርነር ሙንዚንገር ነፃ አውጥቶ ለስዊድን ወንጌላዊ ሚስዮን አስረከበው። በ1872 ሲጠመቅ ኦኔሲሞስ ተባለ። ኦኔሲሞስ ሐዋርያው ጳውሎስ ወደ ፊልሞና በጻፈው መልእክት የሚጠቀሰው ባሪያ ስም ነው፤ ጳውሎስ እንደ ባሪያ ሳይሆን እንደ ተወደደ ወንድም ተቀበለው ሲል ለጌታው የጻፈለት ሰው ነው።

ኦኔሲሞስ ነሲብ ከ1876 እስከ 1881 በስዊድን ከተማሩ በኋላ ወደ ትውልድ አገራቸው ለመመለስ ደጋግመው ሞከሩ፤ መንገዱ ግን አልቀናም። ስለዚህ በእምኩሉ ተቀምጠው መጽሐፍ ቅዱስን ወደ ኦሮምኛ መመለስ ጀመሩ። በዚህ ጊዜ አንድ ችግር ገጠማቸው። በልጅነቱ ከእናቱ የተነጠቀ ልጅ የእናቱን ቋንቋ ሙሉ በሙሉ ይዞ አልወጣም። ባርነት ጕልበትን ብቻ ሳይሆን አንደበትንም ይዘርፋልና።

ይህን ጕድለት የሞላችው ሌላ የተሸጠች ልጅ ናት። አስቴር ጋኖ የሊሙ ተወላጅ ስትሆን፥ የሊሙ እናርያ ንጉሥ ባሪያ እንዳደረጋት ይተረካል። በ1886 ወደ ዓረብ አገር ሊሸጧት በጀልባ ሲወስዷት፥ አስቀድሞ በ1885 ምፅዋን የያዙት ጣልያኖች መርከበኞች ጀልባዋን ይዘው ነፃ አወጧት፤ እርስዋም ወደ እምኩሉ ትምህርት ቤት ገባች። ወይዘሮ አስቴር የኦሮምኛን ቃላት፥ ተረትና ምሳሌ፥ እንቈቅልሽና ዘፈን ከልጅነት ትዝታቸው እያወጡ ሰበሰቡ። ከስብስቡ ብዙው በ1894 በታተመው የሆሄያትና የንባብ መጽሐፍ ውስጥ ወጣ። አዲስ ኪዳን በ1893 በእምኩሉ፥ መላው መጽሐፍ ቅዱስ ደግሞ በ1899 በስዊስ አገር በባዝል አጠገብ በሴንት ክሪሾና፥ በኢትዮጵያ ፊደል ታተመ። በ1904 ሁለቱም ወደ ወለጋ ገቡ፤ ወይዘሮ አስቴርም በነቀምት በማስተማር ኖሩ፤ ኦኔሲሞስ በ1931 በዚያው በነቀምት ዐረፉ።

እነዚህ ተርጓሚዎች ወደ መጽሐፈ ኢዮብ ሲደርሱ በእጃቸው የገባው ጽሑፍ ምን እንደ ያዘ ማስተዋል ይገባል። ኢዮብ ራሱ ባለብዙ ባሪያ ነበር። በመጀመሪያው ምዕራፍ መልእክተኞች ተከታትለው ሲመጡ፥ በሬዎቹና ግመሎቹ ተወሰዱ፥ ባሪያዎቹም በሰይፍ ተገደሉ ይላሉ፤ ለተገደሉት ባሪያዎች ግን የሚያለቅስ በመጽሐፉ ውስጥ የለም። በ3ኛው ምዕራፍ ኢዮብ ሞትን የሚመኘው ባሪያ ከጌታው ነፃ የሚወጣበት ስፍራ ነው ብሎ ነው። በ31ኛው ምዕራፍ ግን ከመከራው የወጣ አንድ ታላቅ ነገር ይናገራል። ወንድ ባሪያው ወይም ሴት ባሪያው ሲከራከሩት ፍርዳቸውን ንቆ እንደ ሆነ እግዚአብሔር ሲጠይቀው ምን እንደሚመልስ ያስባል፤ እርሱን በማኅፀን የሠራው እነርሱንም እንደ ሠራ ይመሰክራል። በጥንቱ ዓለም ጽሑፍ የዚህ ዓይነት ቃል በቀላሉ አይገኝም። ከሊሙ በተሸጠች ሴት ቋንቋ ሲነገር ደግሞ ክብደቱ ይጨምራል፤ የባለባሪያው ኑዛዜ በባሪያዪቱ አንደበት ተነገረ ማለት ነውና።

ክፉ ቀን

የትርጕሙ ሥራ በሚካሄድባቸው ዓመታት፥ ከ1888 እስከ 1892፥ በኢትዮጵያ ክፉ ቀን የተባለው ረኃብ ደረሰ። መነሻው የከብት እልቂት ነበር። በሽታው በ1887 ገደማ ለኢጣልያ ጦር በምፅዋ በኩል ከገቡት ከብቶች ጋር እንደ መጣ የታሪክ ተመራማሪዎች ይስማማሉ፤ ይህም የመጽሐፍ ቅዱስ ትርጕም ከሚሠራበት ከእምኩሉ አጠገብ ያለው ወደብ ነው። ከአገሪቱ ከብት ከአሥር እጅ ዘጠኙ እንዳለቀ ይገመታል። ገበሬው ጥማድ በሬ አጣ፤ ድርቅ፥ አንበጣና ተስቦ ተጨመረበት። ዳግማዊ ምኒልክ ሕዝቡ ያለ በሬ እንዲያርስ ለማበረታታት ራሳቸው ዶማ ይዘው መሬት ቈፈሩ። ዘመኑ በጊቤ አገርም ከባድ ነበር፤ ሊሙ እናርያ በ1891 በምኒልክ ግዛት ሥር ገባ፤ በ1897 ከፋ በጦር ተይዞ ሕዝቡ ክፉኛ ተመናመነ።

በእንዲህ ያለ ጊዜ የፍዳ ትርጓሜ ቀድሞ ወደ አፍ ይመጣል፤ ስለ ኃጢአታችን ነው ይባላል። ይህ አነጋገር አንድ በጎ ጎን አለው፤ ኃያሉ ራሱን እንዲመረምር፥ ባለጸጋው ጎተራውን እንዲከፍት ያደርጋል። ነገር ግን የሞተው ሕፃንና የሞተው ጥጃ ምን በደሉ? የከብት እልቂት መንሥኤ በዓይን የማይታይ ቫይረስ መሆኑ የታወቀው ከዚያ በኋላ ነው፤ በክትባትና በክትትል ብዙ ዓመታት ከተደከመ በኋላ በ2011 በሽታው ከምድረ ገጽ መጥፋቱ በዓለም አቀፍ ድርጅቶች ታወጀ። መከራው ሁሉ የእግዚአብሔር ቍጣ ነው ብሎ ዝም ያለ ሰው ክትባቱን አይፈልግም ነበር። ባርነትም እንደዚሁ ነው። ኢትዮጵያ በ1923 የመንግሥታት ማኅበር አባል ሆነች፤ በ1924 ባሪያዎች ቀስ በቀስ ነፃ የሚወጡበት ሕግ ወጣ፤ በ1942 ባርነት ፈጽሞ እንዲቀር ታወጀ። ከላይ የተሰጠ ሥርዓት ቢሆን ኖሮ በሰው አዋጅ ባልተሻረ ነበር።

ዮሴፍ የሚናገረው፥ ሌላ ሰው የማይናገረው

እዚህ ላይ አንድ ከባድ ጥያቄ ይነሣል። ሂካ ባይነጠቅ፥ አስቴርም ባትሸጥ፥ የ1899ኙ የኦሮምኛ መጽሐፍ ቅዱስ በእነርሱ እጅ ባልተሠራ ነበር። ታዲያ እንደ ዮሴፍ ታሪክ፥ ክፋቱ ለበጎ ሆነ ማለት ይገባልን?

መልሱ ተናጋሪው ማን እንደ ሆነ ከመመርመር ይጀምራል። በኦሪት ዘፍጥረት ያን ቃል የተናገረው ዮሴፍ ነው፤ ጕድጓድ ውስጥ የተጣለው፥ የተሸጠው፥ የታሰረው እርሱ ነው። ወንድሞቹ ያንኑ ቃል ተናግረው ቢሆን ኖሮ ስድብ በሆነ ነበር። እስማኤላውያን ነጋዴዎች ተናግረው ቢሆን ኖሮ የንግድ ማስታወቂያ በሆነ ነበር። ዮሴፍም ቢሆን ክፉ አሰባችሁብኝ የሚለውን አላስቀረም፤ ክፉውን ክፉ ብሎ ከጠራ በኋላ ነው ስለ በጎው የተናገረው። ስለዚህ መከራ ለበጎ ነበር የማለት መብት የመከራው ባለቤት ብቻ ነው፤ የታሪክ ጸሐፊም፥ ሰባኪም፥ መንግሥትም ሊወስዱበት አይችሉም።

ከዚህም ጋር፥ ከሂርማታ ተነድተው በመንገድ የወደቁት ልጆች መጽሐፍ አልተረጐሙም፤ ስማቸውም አልተጻፈም። የኢዮብ መጽሐፍ መጨረሻ ይህን ይነካል። ለኢዮብ ከብቶቹ እጥፍ ሆነው ተመለሱለት፤ ልጆቹ ግን ሰባት ወንዶችና ሦስት ሴቶች ብቻ፥ እንደ ፊተኛው ቍጥር፥ ተወለዱለት። አንዳንድ የጥንት ተርጓሚዎች ይህን ሲያብራሩ፥ የሞቱት ልጆች በእግዚአብሔር ዘንድ ሕያዋን ስለ ሆኑ ቍጥሩ እጥፍ ነው ብለዋል። ትርጓሜው የሚያጽናና ነው፤ ሆኖም ከእርሱ በስተጀርባ አንድ ሐቅ አለ፤ በሬ በበሬ ይተካል፥ ልጅ ግን በልጅ አይተካም። መጽሐፉም የሚተካ አላስመሰለም።

ማጠቃለያ

በመጽሐፈ ኢዮብ ወዳጆቹ አንድ ጊዜ ብቻ በትክክል ሠርተዋል፤ እርሱም ሰባት ቀንና ሰባት ሌሊት ቃል ሳይናገሩ ከእርሱ ጋር በምድር ላይ የተቀመጡበት ጊዜ ነው። ይህን የኢትዮጵያ ሰው ከልማዱ ያውቀዋል፤ በጅማም በአጋሮም በሊሙ ገነትም ሐዘንተኛ ቤት ገብቶ ዝም ብሎ መቀመጥ ትልቅ ቁም ነገር ነው። የወዳጆቹ ስሕተት የጀመረው ምክንያት መስጠት ሲጀምሩ ነው። መምህሩ ተማሪው ያልቻለበትን ምክንያት፥ ሐኪሙ በሽተኛው የታመመበትን ምክንያት፥ ዳኛው ድኻው የተበደለበትን ምክንያት በተበዳዩ ላይ ለማግኘት ሲቸኵሉ፥ ከኤልፋዝ ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። ዕውር ሆኖ ስለ ተወለደው ሰው የተሰጠው መልስ ግን ሌላ ነው፤ ማን በደለ ከማለት ይልቅ ምን ይደረግለት ማለት ነው።

ሂካ በኦሮምኛ ከመፍታት ግሥ የወጣ ስም ነው፤ የታሰረውን መፍታት፥ ቋንቋንም ፈትቶ መተርጐም በአንድ ቃል ይነገራሉ። በአማርኛም እስረኛ ይፈታል፥ ቅኔ ይፈታል፥ ሕልም ይፈታል። መጽሐፍ ቅዱስ የክፋትን ምሥጢር እንደ ቅኔ ፈትቶ አላሳየም፤ ኢዮብም ምክንያቱን ሳይሰማ መጽሐፉ ያበቃል። የታሰረውን መፍታት ግን ለሰው የተተወ ሥራ ነው። በገመድ ተጎትቶ ምፅዋ የደረሰው የሁሩሙ ልጅና በጀልባ የተያዘችው የሊሙ ልጅ በተፈቱ ጊዜ፥ እነርሱም በተራቸው የኢዮብን አቤቱታ በእናታቸው ቋንቋ ፈቱት። ከዚያ ወዲህ በጊቤ አገር «የኢዮብን ትዕግሥት ይስጣችሁ» የሚባለው ሐዘንተኛ፥ ኢዮብ እንደ ታገሠ ብቻ ሳይሆን አቤት እንዳለም፥ አቤቱታውም ቅን እንደ ተባለለት፥ በራሱ ቋንቋ ማንበብ ይችላል።